አባቴና የካሴቱ መምህር

ልጅ እያለሁ አንድ ቦታ መቀመጥ አልችልም ነበር። እግሬ ይወዛወዛል፣ ጣቴ የነጠላዬን ዘርፍ ይፈትላል፣ ዓይኔ በር በሩን ያያል። እናቴ «እሾህ ላይ የተቀመጥሽ ይመስል! አንዴ እንኳ እረፊ እስቲ!» ትለኝ ነበር። ትዕግሥት ሲታደል አልነበርኩም፤ ይኸው ጎልምሼም ወረፋው አልደረሰኝም። እንዲህ ያለችን ልጅ በነሐሴ፣ በጅቡቲ ሙቀት፣ ነጠላ አልብሶ «ስብከት ስሚ» ማለት ምን እንደሆነ በዚያ ዘመን እዚህ ያደጋችሁ ታውቁታላችሁ።

የቤተ ክርስቲያናችን ካህን መምሬ ታምሩ ሽማግሌ ነበሩ። ከቅዳሴ በኋላ ወንበራቸው ላይ ይቀመጡና መቋሚያቸውን በጉልበታቸው መሀል አቁመው ወንጌሉን በግእዝ እያነበቡ ይፈቱታል። አንዱን ቃል ይዘው «እንዲህ ማለት ነው» ይላሉ። እፎይ፣ አለቀ ስል «አንድም» ብለው ሌላ ፍቺ ያመጣሉ። ደግሞ «አንድም» ይሉና ሦስተኛ ይጨምራሉ። ድምፃቸው ከፍ አይልም፣ እጃቸው አይነሳም፣ ማንንም አይቆጡም። ዛሬ ሳስበው እሳቸው የያዙት የጥንቱን መንገድ ነበር፤ መምህር ተቀምጦ፣ ተማሪ ዙሪያውን ከቦ፣ ትምህርት ከአፍ ወደ ጆሮ ሲወርድ የኖረበትን። ያኔ ግን ማን አስተውሎ! ከፊቴ የተቀመጡት የእማማ ዘነቡ ራስ ቀስ እያለ ወደ ደረታቸው ሲወርድ እያየሁ፣ ላቤ በጀርባዬ እየወረደ፣ «አምላኬ፣ ይሄ የመጨረሻው አንድም ይሁን» ብዬ ነበር የምጸልየው።

አርብ አርብ ደግሞ ከሰፈራችን መስጊድ ኹጥባው፣ የኢማሙ ስብከት፣ በድምፅ ማጉያ ይመጣል። የምንኖረው ካርቲየ ሰባት፣ ቤቶቹ ተደጋግፈው በቆሙበት ጠባብ መንገድ ላይ ነበር። ዐረብኛው ባይገባኝም የድምፁ መውጣትና መውረድ ይገባኛል፤ ኢማሙ ሲቆጣም ሲለምንም አውቀዋለሁ። ጎረቤታችንን አሻን እንደ ሰፈሩ ልጆች በሶማሊኛ ኤዶ፣ አክስቴ፣ እላታለሁ። ኤዶ አሻ ደጃፏ ላይ ተቀምጣ ኹጥባውን ስትሰማ ዓይኗን ትጠርጋለች። አንድ አርብ ይህን አይቼ ገባሁና «የኛዎቹ ለምን አያስለቅሱም?» ብዬ አባቴን ጠየቅሁት። አባቴ ሳቀ። ነገሩ ግን ሆዱ ውስጥ ገብቶ ኖሯል።

አባቴ፣ ሰው ጋሽ በየነ የሚለው፣ ወደብ ላይ በትራንዚት ሥራ ነበር የሚተዳደረው። ልጅ ሆኖ አገር ቤት የቄስ ትምህርት ጀምሮ ነበር፤ ፊደል ቆጥሮ፣ ዳዊት ላይ ደርሶ። አያቴ በምድር ባቡር ተቀጥሮ ወደ ጅቡቲ ሲመጣ ልጁን ከየኔታ እግር ሥር አንስቶ ይዞት መጣ። ዳዊቱ ሳያልቅ ቀረ። አባቴ ስለዚህ ነገር ብዙ አያወራም፤ ግን ሰው ፊት ቆሞ የእግዚአብሔርን ቃል መናገር እንደሚመኝ እናቴም እኔም እናውቃለን። ሌላው ሰው መኪና ይመኛል፣ ቪላ ይመኛል። የኔ አባት የሚመኘው አትሮኖስ ነበር።

ከዚያ ካሴት መጣ። አዲስ አበባ ላይ ስብከት መልኩን ለውጦ ነበር። ሰባኪው ይቆማል፣ ማይክሮፎን ይይዛል፣ ሕዝቡን ይጠይቃል፣ ሕዝቡ ይመልሳል፣ ይስቃል፣ ያለቅሳል። ይሄ ሁሉ በካሴት ተቀድቶ በከባድ መኪና ሾፌሮች እጅ እኛ ዘንድ ይደርሳል። ለአባቴ የሚያመጣለት ጋሽ ሙሉጌታ የሚባል ሾፌር ነበር፤ ኮንቴይነር ጭኖ የሚመላለስ፣ ሲስቅ የመኪናው ሞተር የማይሰማ ሰውዬ። ከከተማው ውጭ ባለው የከባድ መኪና ማቆሚያ፣ ፔካ 12፣ መኪናውን ባቆመ ቁጥር አባቴ በሚኒባስ ሄዶ ካሴቱን ይቀበላል። አንዳንዱ ካሴት ዳሽቦርድ ላይ በፀሐይ ሲቀቀል ስለመጣ ድምፁ ይጎተታል።

ከሁሉም አንዱ አባቴን ገዛው። ስለ ዘኬዎስ የተሰበከ ነው፤ ቁመቱ አጭር በመሆኑ ጌታን ለማየት ዛፍ ላይ ስለወጣው ቀራጭ። በክረምት፣ ሜዳ ላይ የተቀዳ ነው። መሀል ላይ ሰባኪው «ወገኖቼ፣ ዝናቡ ሳይጥልብን ላሳጥረው። ከፊት ያላችሁ ጃንጥላችሁን እጠፉ፤ ከኋላ ላለው ዘኬዎስ አልታየውም!» ይላል። ሕዝቡ ያውካካል። ትንሽ አለፍ ብሎ ደግሞ ካሴቱን ሙቀት የነካው ቦታ አለ፤ «አንተ ሰው» የሚለው «አ…ን…ተ ሰ…ው» እየሆነ ይንቀራፈፋል።

ጅቡቲ ከምሳ በኋላ ሱቁም ቢሮውም ይዘጋል። ሌላው ቤት ይቃማል ወይ ይተኛል፤ የኛ ቤት ይሰበካል። አባቴ መጀመሪያ ካሴቱን ዝም ብሎ ሰማው። ቀጥሎ አብሮ አጉተመተመ። ቀጥሎ ቴፑን አጥፍቶ ብቻውን መናገር ጀመረ፤ በካናቴራ፣ ባዶ እግሩን፣ ከአልጋው እስከ በሩ እየተንጎራደደ። እኔን ፊቱ አስቀምጦ «ስሚኝ እስቲ፣ የኔ ልጅ» ይለኛል። በፈረንሳይኛው ትምህርት ቤት መትረሷ፣ አስተማሪያችን፣ ግጥም በቃል ታስወጣን ስለነበር ሬሲታሲዮን ላይ ማን ይችለኛል! አንዲት ቃል ቢያመልጠው «አባዬ፣ ዘለልክ» እላለሁ። እንዲህ እያልን እኔም ሳልፈልገው ካሴቱን ከነሳሉ ዋጥኩት። ኤዶ አሻ ሳትቀር በግድግዳው እየሰማች «ያ ሰውዬ ዛሬም አባትሽን ይቆጣል?» ትለኝ ነበር፤ ቤታችን ውስጥ እንግዳ የገባ ነበር የሚመስላት።

በዚያ ዓመት ለፍልሰታ ጾም ከአዲስ አበባ ሰባኪ ይመጣል ተብሎ ሲጠበቅ ቀረ። መምሬ ታምሩ የአባቴን ምኞት ያውቁ ኖሮ «በየነ፣ የፊታችን እሑድ አንተ ተናገር» አሉት። የሰበካ ጉባኤው ሰዎች ሰምተው ከወደዱት በየሳምንቱ እንዲያስተምር ይፈቀድለታል። አባቴ ያን ቀን እህል አልወረደለትም። እማዬ ነጩን ሸሚዝ አጥባ ከደረቀ በኋላ እንደገና አጠበችው። እኔን ግን የያዘኝ ሌላ ነገር ነው። ዝናቡስ?

«አባዬ፣ ነሐሴ እኮ ነው። ሰው በላብ ሊያልቅ ነው። ዝናቡ ሳይጥልብን ልትል ነው?»

«አወጣዋለሁ» አለኝ።

አወጣው። ችግሩ፣ እሱን ሲያወጣ ቀጥሎ ያለውም አብሮት ይወጣል። እዚያ ቦታ ሲደርስ ይቆማል፣ ጣሪያውን ያያል፣ ያልበዋል፣ ከመጀመሪያው ይነሳል። ደግሞ እዚያው ይቆማል። በመጨረሻ «ዝናቡ» በሚለው ምትክ «ሙቀቱ»፣ «ጃንጥላ» በሚለው ምትክ «ነጠላ» ሊል ተስማማን። «ሙቀቱ ሳይጠናብን ላሳጥረው፤ ከፊት ያላችሁ ነጠላችሁን ዝቅ አድርጉ።» ደጋግመን ሞከርነው፤ ወጣለት። እማዬ ግን ሽንኩርቷን እየከተፈች «የራስህን ብትናገርስ?» አለችው።

«የራሴ ምን አለኝ?» አላት አባቴ። ይህን ሲል ቀና ብሎ አላያትም።

እሑድ ደረሰ። ኻምሲን የሚሉት ትኩስ ነፋስ አቧራውን ይዞ በመስኮቱ ይገባል። አባቴ ገና አፉን ሳይከፍት ሸሚዙ ጀርባው ላይ ተጣብቋል። እኔ በሴቶቹ በኩል ከእማዬ ጎን ነኝ። ጋሽ ሙሉጌታ በዕለቱ ጅቡቲ ነበርና እሱም መጥቶ በሩ አጠገብ ቆሟል።

አባቴ ጀመረ። ኧረ እንዴት ያለ አጀማመር! ድምፁ ቤቱን ሞላው፣ እጁ ተነሳ፣ ሕዝቡን ጠየቀ፣ ሕዝቡ መለሰለት። እማማ ዘነቡ እንቅልፋቸውን ረስተው አንገታቸውን አሰገጉ። እኔ ግን ደስታውን ማን ሰጥቶኝ! እያንዳንዱን ቃል ከእሱ ቀድሜ በከንፈሬ እላለሁ፤ ያ ቦታ እየቀረበ ነው። ሙቀቱ በል፣ አባዬ። ሙቀቱ። የነጠላዬን ጫፍ ነክሼ እግሬን አወራጫለሁ። እማዬ ጉልበቴን ቆነጠጠችኝና «አርፈሽ ተቀመጪ!» አለች በሹክሹክታ።

«ወገኖቼ!» አለ አባቴ፣ «ዝናቡ ሳይጥልብን ላሳጥረው! ከፊት ያላችሁ ጃንጥላችሁን እጠፉ፤ ከኋላ ላለው ዘኬዎስ አልታየውም!»

ጸጥ አለ። የቬንቲላተሩ ድምፅ ብቻ ቀረ። ሰዉ እርስ በርሱ ተያየ። አንዱ ጎረምሳ፣ እውነቴን ነው፣ በመስኮቱ ብቅ ብሎ ሰማዩን አየ። እኔ መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ። ይሄኔ እማማ ዘነቡ፣ አገራቸው ወሎ ክረምት በገባ ቁጥር በናፍቆት የሚያለቅሱት ሴትዮ፣ ሁለት እጃቸውን ዘርግተው «አሜን! ያምጣልን!» አሉ። «አሜን!» አለ ሕዝቡ። አንዷ እልል ስትል ሴቶቹ ተቀበሏት። አባቴ የተናገረውን እንኳ ልብ አላለውም፤ ቀጠለ። «አ…ን…ተ ሰ…ው» የሚለው ጋ ሲደርስ ልክ እንደ ካሴቱ አድርጎ ጎተተው። ምስኪን አባቴ! ፀሐይ ያበላሸውን ቦታ የመምህሩ ስልት መስሎት ኖሯል። እማማ ዘነቡ ደረታቸውን መቱ።

እግዚአብሔር አወጣን ብዬ ነበር። ግቢው ውስጥ ሰው ተሰብስቦ አባቴን ይጨብጠዋል፤ የሰበካ ጉባኤው ሊቀ መንበር «ቃለ ሕይወት ያሰማልን» ይሉታል። በዚህ መሀል ጋሽ ሙሉጌታ ሰዉን እየገፋ መጣና አባቴን አቀፈው።

«በየነ ወንድሜ! ያ ያመጣሁልህ ካሴት አይደል? ቃል በቃል እኮ ነው ያወረድከው! እኔ ከገላፊ ድንበር እስከ ፔካ 12 እሱን እየሰማሁ ነው የመጣሁት። ያቺን የምትጎተተዋን እንኳ አልተውካትም!»

ክፋት የለውም፤ ኮርቶበት ነው። ግን አንዱ «ካሴት?» አለ። ሌላው «ለካ ዝናቡ…» አለና አፉን ያዘ። ሳቁ መጀመሪያ በእፍኝ እፍኝ ነበር፤ ቀጥሎ ግቢውን ሞላው። አባቴም አብሮ ለመሳቅ ሞከረ። ያ ፊቱ ዛሬም ይታየኛል።

ከዚያ ቀን በኋላ ስሙ «ጋሽ ካሴት» ሆነ። ልጆቹ በመንገድ ሲያልፍ «ጋሽ ካሴት፣ ገልብጠው!» ይሉታል። የአንዷን ሹሩባ ነጭቻለሁ፤ ደግ አደረግሁ። አባቴ ቴፑን ቁም ሣጥን ላይ ሰቀለው፤ እሑድ እሑድ ሥራ አለብኝ ማለት ጀመረ። ከምሳ በኋላ ቤታችን ጭር አለ። ያን ሁሉ ጊዜ «ምነው ዝም ባለ» ስል የነበርኩት ልጅ ዝምታው አላስቀምጥ አለኝ፤ እገባለሁ፣ እወጣለሁ፣ የውኃ ማሰሮውን ከድኜ እከፍታለሁ። ኤዶ አሻ በሯ ላይ ሆና «ሰውዬው ሄደ?» አለችኝ። «ሄደ» አልኳት። «አባትሽስ?» አለችኝ።

አንድ ከሰዓት መምሬ ታምሩ ድንገት መጡ። በዚያ ሐሩር፣ በእግራቸው። እማዬ ደንግጣ ውኃ አቀረበች። አባቴ ከአልጋው ተነስቶ መስቀላቸውን ተሳለመና አንገቱን ደፍቶ ቆመ።

«የሰው ቃል ሰርቄ ተዋረድኩ፣ አባ» አለ።

መምሬ ታምሩ ሳቁ። ሲስቁ አይቻቸው አላውቅም ነበር። «እኔስ የራሴን ቃል ተናግሬ የማውቅ ይመስልሃል? ያ ሁሉ አንድም የየኔታዬ ነው፤ የእሳቸውም የየኔታቸው። እንዳለ ነው የተቀበልነው። ከራሱ የጨመረ ተማሪ ኩርኩም ነበር የሚቀምሰው። በቃል መያዝ ነውር አይደለም፣ ልጄ።»

«ታዲያ ለምን ተሳቀብኝ?»

«እኔ ‹መምህራችን እንዲህ አሉ› እላለሁ። አንተ ሰውዬውን ደብቀህ ልብሱን ለበስክ። ስሙን ጥራና የእሱን ለእሱ ስጥ። ከዚያ የሚተርፍህ ካለ ያንተ እሱ ነው።»

አባቴ ቀና ብሎ አያቸው። «የሚተርፈኝ ባይኖርስ፣ አባ?»

መምሬ ውኃቸውን ጨርሰው መቋሚያቸውን አነሱ። «የፊታችን እሑድ» ብለው ወጡ። አባቴ ሽሙጡን የፈራ መስሎኝ ነበር እንጂ የፈራው ይሄንን ኖሯል፤ ከሌላው ሰው ቃል ሥር ምንም እንዳይገኝ።

ያን ሳምንት እንዴት እንዳለፈ አልነግራችሁም። በየቀኑ ፊቱ እቀመጥና «ልስማህ፣ አባዬ?» እለዋለሁ። «አይ» ይለኛል። ቴፑን አላወረደም፣ አልተንጎራደደም፣ አላጉተመተመም። እንደ ወትሮው ወደብ ሄዶ ይመጣል፣ ይበላል፣ ይተኛል። እኔ ነኝ እንቅልፍ ያጣሁት።

እሑድ ቆመ። አንዳንዱ ገና ሳይናገር ከንፈሩን ነክሶ ሳቁን ይዟል። ከኋላ አንድ ልጅ በምላሱ ቀጭ አደረገ፤ ቴፕ ሲከፈት የሚሰማውን ድምፅ። አባቴ ሰማው፤ ጠበቀው። ከዚያ የካሴቱን መምህር ስም ጠራ። «ባለፈው የተናገርኩት የእሳቸው ነው። የኔ አስመስዬ ስላቀረብኩት ይቅር በሉኝ» አለ። ላቡን ጠረገ። ከዚያ «ዘኬዎስን አውቀዋለሁ» አለ። «ወደብ ላይ አብረን ነው የምንሠራው።»

ይሄ ካሴቱ ላይ የለም! ከአባቴ አፍ የሚወጣውን ሁሉ ቀድሜ የማውቅ ልጅ፣ ድንገት ቀጥሎ ምን እንደሚል የማላውቅ ሆንኩ። በየትንፋሹ መሀል «ጠፋው፣ በቃ ጠፋው፣ አሁን ሊቆም ነው» እላለሁ። ዓይኔ ከሰው ሰው ይሮጣል፤ ማን ሊስቅ ነው? ማንም አልሳቀም። ያ በምላሱ ቀጭ ያደረገው ልጅ አፉን ከፍቶ ቀርቷል። ጋሽ ሙሉጌታ በሩ አጠገብ ቆሞ ኮፍያውን በእጁ ይጨምቃል። እማማ ዘነቡ በነጠላቸው ጫፍ ዓይናቸውን ይጠርጋሉ። መምሬ ታምሩ ዓይናቸውን ጨፍነዋል፤ እንዳልተኙ ያወቅሁት ጣታቸው መቋሚያው ላይ ሲንቀሳቀስ ነው። እማዬ ያን ቀን አልቆነጠጠችኝም። እጄን ይዛ ነበር። ሲጨርስ «ቃለ ሕይወት ያሰማልን» የሚለው ድምፅ ከሁሉም አቅጣጫ መጣ፣ እና አባቴ እንደ ልጅ በሁለት እጁ ፊቱን ሸፈነ።

ብዙም ሳይቆይ ከአዲስ አበባ ሰባኪ ተመደበልን። አባቴ ወደ ቦታው ተመለሰ፣ ቅርም አላለው። እናቴ «ምነው አንድ ቀን እንኳ ደግመህ ብትናገር?» ስትለው «ተናገርኩ እኮ» ይላታል። ደግሞ አልተናገረም።

ዛሬ የምኖረው እዚሁ ጅቡቲ፣ ሆዳን የሚባል ሰፈር ነው። ልጄ ስብከት በስልኩ ነው የሚያዳምጠው፤ ሲቸኩል ፍጥነቱን ይጨምረውና ሰባኪው ይንጫጫል። አንዱ ሰባኪ ሌላውን ይዘልፋል፣ ሰው ጎራ ለይቶ ከሥር ይሰዳደባል። የሚናገር ሁሉ ይቀዳል፤ ሲያስነጥስ እንኳ ሳይቀር። አልፈርድባቸውም። መምሬ ታምሩም የኛን ካሴት ሲያዩ ምን ብለው እንደነበር ማን ያውቃል? በዚያ ሁሉ የአንድም ትዕግሥት አንድ ሰዓት ብቀመጥ ዛሬ ደስ ባለኝ፤ ግን እኔም ስልኬን አንስቼ ከአንዱ ወደ ሌላው እዘላለሁ፣ ምን እንደምፈልግ እያወቅሁ፣ እዚያ እንደማላገኘው እያወቅሁ።

የካሴቱን መምህር ስብከት ዛሬ ከእንቅልፌ ብትቀሰቅሱኝ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ አወርድላችኋለሁ። አባቴ ከራሱ የተናገረውን ግን ከዚያ ከወደቡ በኋላ አንዲት ቃል አላስታውስም። ፍርሃቴን ሳዳምጥ እሱን ሳልሰማው ቀረሁ። በሕይወት ሳለ «ምን ነበር ያልከው?» ብዬ አልጠየቅሁትም፤ የማውቀው ይመስለኝ ነበር። ካረፈ ወዲህ ግን መቀመጫ አጣሁ። ጋሽ ሙሉጌታ መንዳቱን ትቶ ድሬዳዋ ነው ያለው፤ ደወልኩለት። «ስለ አያትሽ የተናገረ ይመስለኛል። ወይስ ስለ ባቡሩ ነው? ብቻ አለቀስኩ፣ ልጄ» አለኝ። መምሬም እማማ ዘነቡም የሉም። የቀረችኝ እናቴ ናት። በሄድኩ ቁጥር አፋጥጣታለሁ። ከወደቡ በኋላ ምን አለ? እሺ፣ ከዚያስ? መጨረሻውስ?

እማዬ ታስባለች። ፈገግ ትላለች። «አይ፣ ጥሩ ተናገረ» ትለኛለች። ከዚያ ግራ ገብቷት ታየኛለች።

«አንቺስ እዚያው አጠገቤ አልነበርሽም እንዴ?»